የአቀባበል ድንኳን

«እሺ፣ እነግረዋለሁ» አለች ሔዋን። ስልኩ ተዘጋ።

ያለችው ነገር የገባት ከአፏ ከወጣ በኋላ ነው። ለቀስተኛው ሁሉ ወሬውን አቁሞ ወደ እሷ ዞሯል። ቀኑ የአባቷ ሰልስት ነበር፤ ሚዛን ተፈሪ ላይ ሻምበል በላይነህን የሚያውቅ ሁሉ፣ የማያውቀውም ጭምር፣ ድንኳኑን ሞልቶታል።

«ማን ነው የደወለው?» አሉ የእድሩ ሊቀመንበር አቶ ጥበቡ።

«አክስቴ ናት፤ አሪያት። ድንበሩን አልፋ ዲማ ገብታለች። አሁን መኪና ልትሳፈር ነው።»

«እና ለማን ነው እነግረዋለሁ ያልሽው?»

«ለአባዬ።»

እናቷ እማዋይሽ ፍራሹ ላይ እንደተቀመጠች አፏን በእጇ ያዘች። ሌላ ሰው ግን ሔዋንን ለመውቀስ አልደፈረም፤ በእሷ ቦታ ቢሆን ያንኑ ይል ነበርና። መርዶ በስልክ አይነገርም፤ ለመንገደኛማ ጨርሶ። ሰው ቤት ይገባል፣ እግሩን ይታጠባል፣ ይበላል፣ ያድራል፤ ከዚያ ማለዳ ዘመድ ጎረቤት ተሰብስቦ ያረዳዋል። አክስቷ ደግሞ ስልኩ ውስጥ በደስታ እየጮኸች ነበር። «ለኦኬሎ ንገሪ! ሜዳሊያውን ያድርግ! ሁሉንም ያድርግ!» ነበር ያለቻት፣ አባቷን በልጅነት ስሙ እየጠራች። እሺ ከማለት ሌላ ምን ትበል?

«ቤታችን እኮ አስፋልት ዳር ነው» አለች ሔዋን። «ገና ከመኪና ሳትወርድ ድንኳኑን ታየዋለች።»

«ይፍረሳ!» አለ አንዱ ከኋላ።

አቶ ጥበቡ ብድግ አሉ። «ምን ሲደረግ! እኔ የማስተዳድረው እድር የሰልስት ድንኳን በጠራራ ፀሐይ አያፈርስም። አገር ምን ይለናል?»

ጭቅጭቁ ሊጦፍ ሲል የጎረቤት ጨርቅ ነጋዴዋ ዙሌይካ ሳቀች። ለቅሶ ቤት መሆኑን ረስታ፣ ከልቧ ሳቀች።

«ለምን ይፈርሳል? ለአንቺ የተተከለ የአቀባበል ድንኳን ነው እንላታለን። የሻምበል እህት ናት፣ ሲያንሳት!»

እማዋይሽ ቀና አለች። ሦስቱን ቀን ሲያለቅሱ የከረሙት ዓይኖቿ በሩ። «አዎ» አለች። «ዛሬን ብቻ ደስ ይበላት። ነገ ከእኔ ጋር ታለቅሳለች።»

ያኔ ግቢው ተነቃነቀ። ጥቁር ልብስ ወለቀ፣ ነጠላ ተገለበጠ፣ ሴቶቹ ወደየቤታቸው ሮጠው ቀይና ብጫ ለብሰው ተመለሱ። ዙሌይካ ከሱቋ የደመቀ ጨርቅ ተሸክማ መጥታ የድንኳኑን ምሰሶዎች ጠቀለለቻቸው። አቶ ጥበቡ ተቃውሟቸውን ረስተው፣ «ወንበሩን በክብ አድርጉት! ለቅሶ አስመሰላችሁት እኮ!» እያሉ ያዋክቡ ጀመር። ከፎቶው ፊት ሻማው ተነሳ። ፎቶው ራሱ ቀረ፤ ጀግና በአቀባበሉ ላይ ፎቶው ቢኖር ማን ምን ይላል? ሔዋን አፈረች፤ ግን ልቧ በደስታ ይዘል ነበር። አባቷ ሕይወቱን በሙሉ የጠበቃት ሴት እየመጣች ነው።

በላይነህ የተወለደው ከድንበሩ ማዶ፣ ሱዳን ውስጥ ፖቻላ ነው። እናትና አባቱ ያወጡለት ስም ኦኬሎ ነበር። ጦርነቱ መንደራቸው ሲገባ ከታላቅ እህቱ ከአሪያት ጋር ወደ ወንዙ ሮጡ። እሱን ከማያውቁት ሰዎች ጋር ታንኳ ላይ ወረወረችውና ለራሷ ቦታ አጣች። ከዚያ በኋላ አላያትም። የቡና መኪና ሚዛን አምጥቶ ጣለው፤ ጋሽ ሕዝቅያስ የሚባሉ አስተማሪ ወስደው በላይነህ ብለው አሳደጉት።

ጎልምሶ ለውትድርና ሊቀጠር ሲሄድ መልማዩ የት እንደተወለደ ጠየቀው። «ፖቻላ» አለ። ያማ የእኛ አገር አይደለም ተብሎ ተመለሰ። በዓመቱ ሌላ መልማይ መጣ፤ አሁንም «ፖቻላ» አለ፤ አሁንም ተመለሰ።

«ዲማ ብትል ምን ትሆናለህ?» አሉት ጋሽ ሕዝቅያስ ተናደው። «ማን ያጣራል?»

«እህቴ ስትፈልገኝ በምን ታገኘኛለች?» ነበር መልሱ።

ዜግነቱን በወጉ አግኝቶ፣ ፖቻላን ሳይክድ ወታደር ሆነ። ጦር ሜዳ ላይ ጥይት እየዘነበ ቁስለኛ ሲያመላልስ ውሎ የመጀመሪያውን ሜዳሊያ ደረቱ ላይ ተሰካለት። ሌሎቹም ተከተሉ። ሰላም አስከባሪ ሆኖ ሱዳን ሲዘምት ደግሞ ከግዳጅ በተረፈው ሰዓት ገበያ ለገበያ እየዞረ ስሟን ይጠይቅ ነበር። ቤት ሲመለስ ሜዳሊያዎቹን ኮመዲኖ ውስጥ ይቆልፋል። «ብረት ነው» ይላል፣ ሰው አሳየን ሲለው። ሔዋን ልጅ ሆና በዚህ በጣም ትበሳጭ ነበር። የጓደኞቿ አባቶች ስላልሠሩት ነገር ሲያወሩ ይውላሉ፤ የእሷ አባት ስለሠራውም አይናገርም።

ጡረታ ሲወጣ ፎቶውን ከነልጅነት ስሙና ከነትውልድ ቦታው ፌስቡክ ላይ የለጠፈችው እሷ ናት። ፎቶው ሰው ከሰው እየተቀባበለው ኬንያ፣ ካኩማ የስደተኞች ጣቢያ ደረሰ። አሪያት ደወለች። የልጅነት ቋንቋው ግማሹ ጠፍቶበታል፤ እሷ ደግሞ እዚያ ካለ የሐበሻ ምግብ ቤት እየሠራች የለቀመቻት አማርኛ አለቻት። በሁለቱም እየተንተባተቡ ተላቀሱ። በመጨረሻ፣ «ምን ሆንክ? ምን ሠራህ?» አለችው።

ሔዋን በሩ ላይ ቆማ የሰማችውን ማመን አቃታት። አባቷ ጉራውን ነዛ! ሜዳሊያዎቹን ከኮመዲኖው ዘርግፎ አንድ በአንድ እያነሳ፣ «ይቺን ያገኘሁት እንዲህ ሆኜ ነው! ይቺኛዋን የሰጠኝ ጄኔራል ነው! ሰማሽ? ጄኔራል!» ይላል፤ ድምፁ የሕፃን ሆኗል። ለካ ያን ሁሉ ዓመት ዝም ያለው የሚነግራት ሰው ጠፍታበት ነው። አሪያት መንገድ ላይ እያለች፣ ግቢውን ለእሷ ሲያሳምር፣ ደረቱን እንደያዘ የሙዝ ተክሉ ሥር ወደቀ።

ሚኒባሱ ጥሩምባውን እየነፋ መጣ። እልልታው ቀለጠ፤ አንዳንዷ መሐል ላይ ድምፅዋ እየተሰበረ ቢሆንም ቀለጠ። አሪያት ወረደች፤ ረጅም፣ ቀጥ ያለች፣ ብጫ ቀሚስ የለበሰች። ድንኳኑን አየች፣ ጨርቁን አየች፣ አጨበጨበች።

«ለእኔ ነው? ይሄ ሁሉ ለእኔ?»

«ለእርስዎ ነው!» አሉ አቶ ጥበቡ።

ሔዋንን ከመሬት አንስታ አቀፈቻት። እማዋይሽን ሳመቻት። ከዚያ ከሁሉ ሰው ራስ በላይ እየተንጠራራች ማየት ጀመረች። «ኦኬሎ የት አለ?»

«ቴፒ ናቸው። ለግዳጅ ተጠርተው» አሉ አቶ ጥበቡ ላባቸውን እየጠረጉ። «ነገ ማለዳ…»

«ጡረታ ወጣሁ ብሏል ለእኔ።»

«እንደሳቸው ያለ ሰው በጡረታ መች ይለቀቃል!»

አሪያት በኩራት ሳቀች። እግሯን አጠቧት። የተቀቀለ ጎደሬና ዳጣ ቀረበላት፤ ሔዋን አጠገቧ ተቀመጠች። አሪያት ጎደሬውን አንስታ ለሁለት ሰበረችው።

«ልጅ ሆነን እናታችን ምግብ ስትሰጥ እኔ እከፍላለሁ፣ እሱ ይመርጣል» አለች። «ሁልጊዜ ትልቁን! ሌባ ነው አባትሽ።» አንዱን ቁራሽ ሳህኑ ጠርዝ ላይ ለብቻው አስቀመጠች። «ይሄ የእሱ። ነገ ይመጣል አይደል?»

ሔዋን አፏን ከፈተች። እሺ ማለት፣ አዎ ማለት፣ አንዲት ቃል ብቻ ነበር የሚጠበቅባት። አልወጣ አላት።

አሪያት ዞር ብላ እማዋይሽን አየች። ዙሌይካ ያለበሰቻት አረንጓዴ ሻሽ ተንሸራቶ የተላጨው ራሷ፣ የተቧጨረው ጉንጯ ወጥቷል። እማዋይሽ ሻሹን ልትመልስ እጇን አነሳችና ተወችው። አሪያት ቀስ ብላ በደማቅ ቀለም ያሸበረቀውን ሰው ቃኘች። ማንም አይበላም። ማንም አያወራም። ሁሉም እሷን ነው የሚያየው። አቶ ጥበቡ ኮፍያቸውን አውልቀዋል።

አልጮኸችም። ከሳህኑ ጠርዝ የወንድሟን ቁራሽ አነሳች፤ በሌላው እጇ የራሷን ያዘች። ወደ ሔዋን ዘረጋቻቸው።

«ምረጪ» አለቻት።

ሔዋን ትልቁን ወሰደች።