የሦስት ቀን ዳንቴል

«እማማ፣ ኪሮሹን ገልብጠው ነው የያዙት» አለች ፋዲላ ዝቅ ባለ ድምፅ።

«ቢገለበጥስ? እኔ እንደሆነ አልሠራበት።»

«አባይነህ ድንገት ቢገባ ያያል።»

እማማ አሳየች ኪሮሹን አቃኑት። በዕድሜያቸው ያልደረሱበት ለቅሶ የለም፤ ደረት መትተዋል፣ ፊት ነጭተዋል፣ ሙሾ አውርደው መንደሩን ሁሉ አስለቅሰዋል። ጥቅል ክር ጭናቸው ላይ አስቀምጠው፣ ዳንቴል የሚሠሩ መስለው ለቅሶ ሲቀመጡ ግን ይህ የመጀመሪያቸው ነው። እንባቸው ይወርዳል፣ አፋቸው ዝም ብሏል። ለእሳቸው ይሄ ለቅሶ አይባልም፤ በሽታ ነው።

ወሩ ኅዳር፣ ዓመቱ ሰባ ነው። ደረቱ ላይ ወረቀት ተለጥፎበት መንገድ ዳር ለተጣለ ሰው ማልቀስ ክልክል ነው። ድንኳን ክልክል፣ ጥቁር ልብስ ክልክል። ባለፈው ሳምንት እታች ሰፈር አንዲት እናት ጮኻ አለቀሰችና ከነባሏ ተወሰደች፤ እስካሁን አልተመለሱም። ስለዚህ ከየካ ሚካኤል በላይ፣ ባሕር ዛፉ ከሚጀምርበት ሥር ባለችው ባለ ሁለት ክፍል ጭቃ ቤት ውስጥ ለቅሶ የለም። ያለው የእጅ ሥራ ትምህርት ነው፤ ለሦስት ቀን፣ ከሰዓት በኋላ፣ ለሰፈሩ ሴቶች። ዘዴውን ያመጣችው ፋዲላ ናት። ባሏ ሳልህ በሱቁ ክር ስለሚሸጥ፣ ክር ይዛ ብትዞር ማንም አይጠረጥራትም።

ስድስቱ ሴቶች ዘንቢል ይዘው አንድ በአንድ ይመጣሉ። ከላይ ክር፣ ከሥር ንፍሮ። በሩ ሲዘጋ ነጠላቸውን ከትከሻቸው አውርደው ይገለብጡታል፤ እግር ሥር የነበረው ጥለት ወደ አንገት ይወጣል። ሐዘንተኛ እንዲህ ነው የሚለብሰው፤ ከለቅሶ ሥርዓት የቀረቻቸውም ይቺው ብቻ ነበረች። በሩ ከተንኳኳ ደግሞ በአፍታ መልሰው ያወርዱታል። በሁለተኛው ቀን ሰልፍ የተማረ ወታደር እንኳ አይቀድማቸውም ነበር። ቡና አይወቀጥም፤ የሙቀጫ ድምፅ ጎረቤት ይጠራል። ፋዲላ ከቤቷ አፍልታ በፔርሙስ ታመጣለች፣ እነሱም ሲኒው እንዳይጋጭ ተጠንቅቀው ይጠጣሉ።

የሞተችው የቤቱ ባለቤት ብዙነሽ ናት፣ የእጅ ሥራ መምህርቷ። ሐዘንተኛዋ ታላቅ እህቷ የማርያምወርቅ ናት። የማርያምወርቅ ከእሑድ ጀምሮ አንድም እንባ አላወጣችም፤ ከጀመረች የምታቆም አልመሰላትም። ጓዳ ውስጥ የብዙነሽ ልጅ ትርንጎ አልጋ ላይ ተቀምጣለች። ስድስት ዓመቷ ነው። በሁለት ዓመቷ ኩፍኝ ዓይኗን ወስዶባታል። አባቷ ሚሊሺያ ሆኖ ኦጋዴን ከዘመተ ወዲህ ወሬው የለም። እናትሽ ለስልጠና ሆለታ ሄዳለች ተብላለች። እውነቱን ካወቀች ትጮኻለች። ከጮኸች ይሰማል። ከተሰማ የማርያምወርቅ ትወሰዳለች፣ ከዚያ በኋላ ትርንጎን የሚያሳድግ ሰው የለም።

«እንኳንም አላየች» ብላ ነበር በመጀመሪያው ቀን አንዷ ሴት፣ ነጠላዋን እየገለበጠች። ወዲያው ደነገጠችና አፏን ያዘች። ነገር ግን ሁሉም በልባቸው ያሰቡት ይህንኑ ነበር። ልጅቷ አታይም፤ ጆሮዋ እስካልሰማ ድረስ አታውቅም።

ብዙነሽ ብትኖር ትስቅባቸው ነበር። ምላሷ ስለት ነው። ከኩፍኙ በኋላ ጎረቤት እየመጣ «ምስኪን» ሲል፣ «ስሟ ትርንጎ ነው» ብላ ታርማለች፣ ሳትቆጣ። ልጅቷ ሦስት ዓመት በሞላት ሰሞን አንድ ቅዳሜ ተቀምጣ ደህናውን ሹራቧን መተርተር ጀመረች።

«አብደሻል? ገና አንድ ክረምት ያለበሽው» አለቻት የማርያምወርቅ።

«መጽሐፍ ልሠራላት ነው።»

«በሹራብ?»

«በምን ልሥራላት ታዲያ? በቀለም?»

አቡጀዲ ቆርጣ ገጽ ገጽ አድርጋ ሰፋች፤ በየገጹ ላይ በኪሮሽ የሠራችውን ነገር ትለጥፋለች። ክንፏ ሲነሳ ከሥሯ ሦስት ጫጩቶች የሚገኙባት ዶሮ ነበረች። በእውነተኛ የኮት ቁልፍ የሚዘጋ በር፣ ማሰሪያው የሚታሰርና የሚፈታ ጫማ ነበር። እንጦጦም ነበረ። ከታች በቀጭን ክር ይጀምርና እየወፈረ፣ እየሻከረ ይወጣል፤ ትንሿ ጣት ዳገቱን ወጥታ ስትጨርስ ጫፉ ላይ አንዲት የሱፍ ቤተ ክርስቲያን ታገኛለች። በሦስት ዓመት ውስጥ መጽሐፉ እንደ ትራስ ወፈረ። ትርንጎ ታቅፋው ትተኛለች።

ብዙነሽን የገደላትም ይኸው መጽሐፍ ነው። ብዙነሽ አዲስ ገጽ ከመጀመሯ በፊት ንድፉን በካሬ ወረቀት ላይ ታወጣ ነበር፤ ነጥብ ለአንዱ ዓይነት ስፌት፣ መስቀል ለሌላው። ባለፈው ሐሙስ ትምህርት ቤት ውስጥ ታጣቂዎች ቦርሳዋን ሲፈትሹ ወረቀቶቹን አገኙና ወሰዷት። የትምህርት ቤቱ ዘበኛ ኤጀታ በር ላይ ቆሞ የሰማውን፣ ማታ መጥቶ አጥር ሥር ለየማርያምወርቅ ነገራት።

«ይህ ኮድ ምን ይላል አሏት። ዶሮ ነው አለች። ማንን ነው ዶሮ የምትሉት አሏት።»

ኤጀታ ሊስቅ የፈለገ ይመስል አፉ ተጣመመ፤ ከዚያ ባርኔጣውን ፊቱ ላይ ደፍቶ ሄደ።

እሑድ ጠዋት የማርያምወርቅ ከላምበረት ስትመለስ መንገድ ዳር ሰው ተሰብስቦ አየች። ሦስት ሬሳ ነበር። የመጨረሻዋን በአረንጓዴ ካልሲዋ አወቀቻት፤ ከትርንጎ መጽሐፍ በተረፈ ክር የተሠራ ነው። ታጣቂዎቹ ሬሳውን ትተው የሚያየውን ሰው ፊት ይመረምሩ ነበር፤ ዘመድ ፍለጋ ነው። የማርያምወርቅ አልቆመችም። እርምጃዋንም አላዘገየችም። እህቷን ረግጣ ያለፈች ያህል ተሰማት፤ ቤት ደርሳ ለልጅቷ ቁርስ ስታቀርብም፣ ዛሬም ይህ ስሜት አልለቀቃትም።

በሁለተኛው ቀን አባይነህ መጣ። አብዮት ጥበቃ ከመሆኑ በፊት ጎሚስታ ነበር፤ ጠመንጃ ከያዘ ወዲህም ጥፍሩ ሥር ያለው ጥቁር አልለቀቀም።

«እትዬ...» አለና አስተካከለ፣ «ጓድ የማርያምወርቅ፣ ስብሰባ ነው እንዴ?»

«ዳንቴል ነው።»

የእያንዳንዷን ጭን እያየ ዞረ። እማማ አሳየች ኪሮሹን በደንብ ይዘው፣ ክሩን እንዲሁ ያጠላልፉት ነበር።

«ለቅሶ እንዳይሆን ብቻ» አለ። «የበላይ አካል የሚጠይቀው እኔን ነው። አንድ ድምፅ ከተሰማ ሰፈርተኛ ናቸው ብዬ አልከላከልላችሁም።»

«የሰማኸው ድምፅ አለ?»

«የለም። ነገም ብቅ እላለሁ።»

ሦስተኛው ቀን ላይ ሁሉም ትንሽ ቀለል ብሏቸው ነበር። ዛሬ ካለፈ አለፈ። ፋዲላ የመጨረሻውን ቡና እየቀዳች ሳለ ትርንጎ መጽሐፏን በብብቷ ይዛ፣ ግድግዳውን እየዳበሰች ከጓዳ ወጣች።

«አክስቴ፣ አንዱ ጫጩት ተነቀለ። ስፊልኝ።»

«ነይ፣ እሰፋልሻለሁ።»

የማርያምወርቅ ጭኗ ላይ አስቀመጠቻት። ልጅቷ እንቅልፍ እንደመጣው ሰው ራሷን አክስቷ ደረት ላይ ጣለች። ጣቶቿ ግን ቦዝነው አያውቁም። በነጠላው ላይ ወደ ላይ ሄዱ፣ አንገት ጋ ሲደርሱ ቆሙ። ተመለሱና እንደገና ሄዱበት። ጥለቱን ከጫፍ እስከ ጫፍ ዳበሰች። ከዚያ ከጭኗ ወርዳ ወደ እማማ አሳየች ዞረችና አንገታቸውን ነካች። ቀጥላ የሚቀጥለዋን። ከጉልበት ወደ ጉልበት እየተሻገረች ክፍሉን በሙሉ ዞረች፤ ሊያስቆማት የደፈረ የለም። ፋዲላ ነጠላ አልለበሰችም፣ ግን እሷም ሳታስበው ወደ ኋላ ሸሸች።

«አክስቴ፣ ማን ሞተ?»

«ማንም። ማን ሞተ አለሽ?»

«የሁላችሁም ጥለት አንገታችሁ ላይ ነው።»

ትርንጎ መጽሐፏን ከፍታ ከመጨረሻዎቹ ገጾች አንዱን አወጣች። የማርያምወርቅ ይህን ገጽ አይታው አታውቅም። በክር የተሠራች አንዲት ሴት ነበረች፤ ትከሻዋ ላይ እንደ እውነተኛው የሚወልቅና የሚለበስ ትንሽ ነጠላ ጣል ተደርጎላታል፣ ጠርዙ ሻካራ ጥለት ያለው።

«እማዬ አስተምራኛለች። ጥለቱ እግር ጋ ሲሆን ደህና ነው። ደረት ላይ ሲጣፋ ቤተ ክርስቲያን ነው። አንገት ጋ ሲሆን ሰው ሞቷል፤ ያን ጊዜ አይዘፈንም።»

የማርያምወርቅ ትዝ አላት። አምና ጎረቤት ለቅሶ ቤት ትርንጎ ሳታውቅ ዘፍና፣ ሴቶቹ ዝም በይ ብለው ተቆጥተዋት ነበር። ብዙነሽ እየነደደች ቤት ገባች። «ከእንግዲህ ማንም ሳይነግራት ራሷ ነው የምታውቀው» አለች። የማርያምወርቅ የንዴት ወሬ መስሏት ረስታዋለች። አሁን በሞተችው እህቷ ተናደደች፤ ምን አለ ይህችን እንኳ ባላስተማርሻት ኖሮ አለች በልቧ።

«እማዬ ናት?» አለች ትርንጎ።

በሩ ተንኳኳ።

ነጠላዎቹ ወረዱ። ኪሮሾቹ ተነሱ። አባይነህ ሲገባ ልጅቷ መሐል ወለሉ ላይ መጽሐፏን ይዛ ቆማ ነበር። እሱ ዙሪያውን አየ፤ ፊቶቹ አላማሩትም። ትልልቆቹን ትቶ ወደ ልጅቷ ጎንበስ አለ።

«ትርንጎ፣ እናትሽ የት ሄደች?»

የማርያምወርቅ ሮጣ ልጅቷን ልታቅፋት ፈለገች፣ ያም ራሱ መልስ እንደሚሆን ስለገባት ከተቀመጠችበት አልተነሳችም። ትርንጎ ፊቷን ወደ ድምፁ አዞረች።

«ሆለታ» አለች። «ስልጠና ላይ ናት።»

«መቼ ትመጣለች?»

«አላውቅም።» መጽሐፏን ወደ ደረቷ አስጠጋች። «ስትመጣ ቀይ ክር ታመጣልኛለች።»

አባይነህ ቀና አለ። ብዙነሽ የት እንዳለች ከማንም በላይ ያውቅ ነበር፤ ሬሳው ሲነሳ አብሮ የነበረ ሰው ነው። ጠመንጃውን ከአንዱ ትከሻ ወደ ሌላው አዛወረና «በሉ፣ ትምህርቱ ዛሬ ይብቃ» ብሎ ወጣ።

በሩ ከተዘጋ በኋላ ትርንጎ በእጇ እየፈለገች መጥታ አክስቷ ጭን ላይ ወጣች፣ መልሱን እየጠበቀች ፊቷን ወደ አክስቷ ፊት አቀረበች።

«አዎ» አለች የማርያምወርቅ። «እማዬ ናት።»

ቃሉ ከአፏ እንደወጣ፣ ከእሑድ ጀምሮ የያዘችው ሁሉ አንድ ላይ ተነሳ። ደረቷ ተነፋ፣ አፏ ተከፈተ። ጩኸቱ ከመውጣቱ በፊት አንዲት ትንሽ መዳፍ አፏን ጥርቅም አድርጋ ዘጋችው።

«አክስቴ፣ ገና ነው» አለች ትርንጎ በሹክሹክታ። እንባዋ በጉንጯ እየወረደ ጆሮዋን ወደ በሩ አዘንብላ ነበር። «ገና ቁልቁለቱ ላይ ነው። ይሰማኛል።»

የማርያምወርቅ በዚያች መዳፍ ውስጥ አለቀሰች። ትርንጎ የሰውየው እርምጃ ከጠፋ በኋላም እጇን አላነሳችም።