የታረቅንበት ክስ

ማነው የተናገረው? ወንድሜ ሃሬንድራ በመስኖ ቢሮ ከነበረው የቦይ ተቆጣጣሪነት ሥራው ከተባረረ ወዲህ በቤታችን ሌላ ጥያቄ የለም፤ መልሱን እኔም አላውቅም። ያባረሩበት ምክንያት አጭር ነው። ሲቀጠር «ተከሰህ ታውቃለህ?» ተብሎ ተጠይቆ «አላውቅም» ብሏል፤ ተከሶ ነበር።

ክሱን መንደሩ በሙሉ ያውቀዋል። ጎረቤታችንን ራምኬዋልን እንደ አጎት «ቻቻ» ነው የምንላቸው። ከዓመታት በፊት በሩዝ ማሳ ድንበር ሰበብ ከአባቴ ጋር ዱላ ተማዘዙ፤ የቻቻ ክንድ ተሰበረ። በእኛ ዘንድ ሰው ሲከስ የመታውን ብቻ አይከስም፤ የዚያን ቤት ወንድ አንድ ሳይቀር ያስመዘግባል። አልጋ ላይ የዋሉት አያቴ እንኳ «በዱላ ደበደቡኝ» ተብለው ተከሰዋል። ሃሬንድራ በዚያ ቀን ፓትና ከተማ ፈተና ላይ ነበር፤ እሱም ተመዘገበ። ኋላ ሽማግሌ ገባ፣ ሁለቱ ቤቶች ከአንድ ድስት ሥጋና ሩዝ በሉ፣ ክሱ ተነሣ። ፖሊስ ጣቢያ ያለው መዝገብ ግን ከዚያ ሩዝ አልቀመሰም።

ሃሬንድራ ሥራ ሲያመለክት አባቴ አጠገቡ ቆመው ነበር። «አብረን በልተን ስናበቃ ከሰውን ነበር ልትል ነው? የበላነውን ልታስመልሰን?» አሉት። «አላውቅም» ብሎ ጻፈ።

ጠበቃው ለይግባኝ አንድ ተስፋ ሰጥቶታል፦ ከሳሹ ራሳቸው «ልጁ በቦታው አልነበረም» ብለው እስከ ወሩ መጨረሻ ቢመሰክሩ ሥራውን ሊያገኝ ይችላል።

«ባያ፣ ሂድና ለምናቸው» አልኩት። ታላቅ ወንድም ስለሆነ ነው ባያ የምለው።

«ያረደኝን ሰውዬ እግሩን ልሳም?»

«እሳቸው እንደሆኑ በምን አወቅህ?»

«አንቺ ደግሞ! ካናዳ ተምረሽ መጣሽና ማስረጃ አምጣ ትይኛለሽ። ሲያየኝ መንገድ ሲቀይር አላየሽም?»

አይቻለሁ። እኔንም ሲያዩኝ ይቀይራሉ። ግን ቦታውን የወረሰውን የሥራ ባልደረባውንም እጠረጥር ነበር። ከተመለስኩ ጀምሮ የሚስቅልኝ ሰው ሁሉ ከኋላው አንድ ነገር የያዘ ይመስለኛል።

አላስችል ሲለኝ ራሴ ወደ ቻቻ ሄድኩ። ለሚያልቧቸው ጎሾች መኖ እየከተፉ አገኘኋቸው።

«የካናዳዋ እመቤት በእግሯ መጣች?» አሉ ቀና ሳይሉ።

«ቻቻ፣ ስለ ሃሬንድራ የተናገሩት እርስዎ ነዎት?»

ማጭዱ ቆመ። «አዎ።»

«ለማን?»

«ላንቺው ፖሊስ ነዋ!»

ባለፈው ክረምት ኮሌጅ ለማስተማር ሳመለክት የፖሊስ የጠባይ ማረጋገጫ አምጪ ተብዬ ነበር። ፖሊስ ደግሞ ያንን የሚሰጠው መንደር መጥቶ ጎረቤት ጠይቆ ነው።

«‹ይቺ ልጅ የምን ዓይነት ሰው ልጅ ናት?› አለኝ። ላመሰግናችሁ ብዬ፣ ‹እነዚህን ሰዎች ከስሻቸው እንኳ ታርቀውኛል፤ ትልቁማ በቦታው ሳይኖር ያስመዘገብኩት ልጅ ነው፤ ዛሬ የመንግሥት ሰው ሆኖም ባየኝ ቁጥር ጎንበስ ብሎ እግሬን ይነካል› አልኩት። ሻዬን እየጠጣ ሰማኝ። እንዲህ ያደርገዋል ብዬ በምን ልወቅ፣ ልጄ?»

«ታዲያ ለምን ይሸሹናል?»

«ምን ብዬ ልቁም? ይምጣና ይጥራኝ፤ የትም ሄጄ እመሰክራለሁ። ሳልጠራ ብመጣ ግን ከሳሼ ደግሞ መጣብኝ ይለኛል።»

አመንኳቸው? ሙሉ በሙሉ አይደለም፤ ታሪኩ ለእሳቸው እጅግ ይመቻል። ነገር ግን ቢሮው ወንድሜን መመርመር የጀመረው የእኔ ማረጋገጫ እንደወጣ ነበር። ይህን እስካሁን አለማሰቤ ገረመኝ።

ቤት ስመለስ የወንድሜ ሚስት ማልቲ ደጅ ላይ ዕቃ ታጥባለች።

«ባያስ?»

«ሄደ። ሱራት ከተማ፣ ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ሥራ አለ ብለውታል።»

«ይግባኙንስ ትቶት? የተናገረውን ሰው አገኘሁት እኮ!»

ድስቱን ደፋችው። «እሱም አግኝቻለሁ ብሏል። ፖሊሱ ላንቺ ጉዳይ እንደመጣ ትናንት ሰማ። ‹እህቴ ምን ብላው ይሆን?› እያለ ነው ልብሱን ያሰረው።»

«እኔ? እኔ እኮ ፖሊሱን ዓይኑንም አላየሁት!»

«እኔን ምን ትይኛለሽ፣ ለሱ ንገሪው።»

ደወልኩ፤ አያነሳም። ስለዚህ ጻፍኩለት፦ «ባያ፣ ለፖሊሱ የተናገሩት ቻቻ ናቸው፤ ለክፋት ሳይሆን እኛን ለማመስገን ብለው ነው። እኔ ስላንተ አንዲት ቃል አልተነፈስኩም። ይመሰክሩልሃል፤ አንተ መጥተህ እስክትጠራቸው ብቻ ነው የሚጠብቁት። ወሩ ሳያልቅ ተመለስ።»

እንዳነበበው ስልኬ ያሳያል። ወሩ አለቀ፣ ሩዙ ታጨደ። ቻቻ አሁንም ሲያዩኝ መንገድ ይቀይራሉ። ከወንድሜ መልስ አልመጣም።