«እኔን» የሚባልበት ጨዋታ

ስሙ ደምሰው ይባል እንጂ በዕድሜው አንድ ጉንዳን እንኳ ደምስሶ አያውቅም። ቁመቱ በር ላይ የሚያስጎነብሰው፣ ትከሻው በር የሚሞላ ሰው ነው፤ ድምፁ ግን የተኛ ሕፃን እንዳይቀሰቅስ የሚጠነቀቅ ሰው ድምፅ ነበር። ዴንቨር አጠገብ ኮሜርስ ሲቲ ባለው መጋዘን ዕቃ ማንሻ ፎርክሊፍት ሲነዳ ውሎ አውሮራ ወዳለው የእኅቱ አፓርትመንት ይመለሳል፤ «ደህና ዋልሽ እትዬ» ይላል፤ ይበላል፤ ክፍሉ ገብቶ በሩን ይዘጋል። በቃ።

እኅቱ ጥሩሰው በአረጋውያን መንከባከቢያ የምትሠራ ሴት ናት። እናታቸው ስትሞት ደምሰው የወተት ጥርሱን ያልጨረሰ ልጅ ነበር። ያሳደገችውም ወደ አሜሪካ ያመጣችውም እሷ ናት። ስለዚህ ዝምታው ሌላውን ቢያስቅ እሷን ያስፈራት ነበር። እሷ አንድ ነገር ብትሆን ይህ ሰው በዚህ አገር አንድም ሰው የለውም፤ እንቅልፍ የሚነሳት ሐሳብ ይህ ነበር።

በፈረንጆቹ 2012 ጸደይ ላይ «ቅዳሜ ቅዳሜ ኳስ ልጫወት ነው» ሲላት ታዲያ ደስታዋን አልቻለችውም። ቤተ ክርስቲያን ሄዳ ለጸሎት ቡድኗ ምስጋና አቀረበች። ብዙም ሳይቆይ ደምሰው ጆሮው እንደ በሶ ጭብጦ አብጦ መጣ።

«ምንድን ነው ይሄ?»

«ኳስ ነው እትዬ።»

«ኳስ በጆሮ መመታት የተጀመረው መቼ ነው?»

ደምሰው ክፍሉ ገብቶ በሩን ዘጋ። በሚቀጥለው ቅዳሜ መኪናዋን አስነስታ ተከተለችው።

ሜዳው አውሮራ ዳር ያለ፣ ሣሩ የደረቀ፣ ነፋሱ ባርኔጣ የሚነጥቅ ነው። ጎሉ መረብ የለውም፤ ሁለት ረጃጅም ምሰሶዎች መሐላቸው አግዳሚ ተደርጎባቸው ቆመዋል። ኳሷ እንቁላል ትመስላለች። ዳር ላይ የምታውቃቸው ጋሽ መሓሪ ተቀምጠዋል። አስመራ በአማርኛ የተማሩ፣ ዴንቨር ውስጥ የኤርፖርት መንገደኛ የሚያመላልስ ሻትል የሚነዱ ኤርትራዊ ሽማግሌ ናቸው። አንድ ቀን የቡድኑ ቫን ተበላሽቶ ተጫዋቾቹን ሊያደርሱ ሄደው በዚያው ደጋፊ ሆነው ቀርተዋል።

«ጋሽ መሓሪ፣ ይሄ ምንድን ነው?»

«ራግቢ ይባላል። ኳሱን በእጅ ወደ ፊት መወርወር ክልክል ነው። ወደ ኋላ እየሰጡ ወደ ፊት ይሮጣሉ።»

«እርስዎ ገብቶዎታል?»

«ኧረ እኔስ አልገባኝም» አሉ ጋሽ መሓሪ፤ «ግን ጨዋታውን የሚያውቁት ልጆቹ ስለሆኑ ችግር የለውም።»

ይህን ሲሉ ኳሷ ደምሰው እጅ ገባች። ሦስት ጎረምሶች ከሦስት አቅጣጫ መጥተው ከመሬት ደባለቁት።

«እኔን!» አለች ጥሩሰው፣ ከተቀመጠችበት ተነሥታ።

እናታቸው እንዲህ ነበረች። ሰው ሲደናቀፍ ባየች ቁጥር፣ ልጇም ሆነ የማታውቀው መንገደኛ፣ «እኔን» ትላለች፤ ካንተ ይልቅ እኔን ያግኘኝ ማለቷ ነው። ጥሩሰውም ከእሷ ወርሳዋለች። ችግሩ ራግቢ ውስጥ የማይወድቅ ሰው የለም። ደምሰው ተነሥቶ አቧራውን ሳያራግፍ ሌላው ይወድቃል፤ እሷም «እኔን» ትላለች። ከሊትልተን የመጣው ባላጋራ ይወድቃል፤ «እኔን!» ትላለች። ለወገንና ለባላጋራ ልዩነት ሳታደርግ ስታዳርስ ውላ ከእረፍት በፊት ድምፅዋ ተዘጋ።

ጨዋታው ሲያበቃ አስተናጋጁ ቡድን እንግዶቹን ያበላል፤ ደንባቸው ነው። አሁን ሲጋደሉ የነበሩት ሰዎች ከአንድ ትሪ ሳንድዊች እያነሡ ሲሳሳቁ አይታ ጥሩሰው ግራ ገባት። የሊትልተኑ አምበል፣ ብራያን የሚባል ጢማም ቧንቧ ሠሪ፣ እያነከሰ ደምሰው ዘንድ መጣና ጠየቀው። «እኅትህ ቀኑን ሙሉ የምትጮኸው ምንድን ነው?»

ደምሰው አቀረቀረ። ከዚያ በዚያ በለሆሳስ ድምፁ፣ በእንግሊዝኛ፣ ጥሩሰው ከአፉ ሰምታ የማታውቀውን ያህል ብዙ ተናገረ። «እኛ አገር ሰው ሲወድቅ ተጎዳህ ወይ ብለን አንጠይቅም። እኔን እንላለን። የደረሰብህ በእኔ ይሁን ማለት ነው። እናታችን ትለው ነበር።»

ብራያን ሳንድዊቹን ማኘክ አቆመ። «ለማታውቀውም ሰው?»

«ለማናውቀውም።»

ጥሩሰው ግን በቃላት የምትደለል ሴት አልነበረችም። ረቡዕ ዕለት የጸሎት ቡድኑን እጅ አያያዘችና ይህ ጨዋታ የሚባል ነገር ጨርሶ እንዲጠፋላት አስጸለየች።

ጨዋታው ግን ሊጠፋ አልቸኮለም። ቡድኖቹ ሊትልተን ላይ በድጋሚ ሲገናኙ ብራያን ደምሰውን አንሥቶ እንደ ማዳበሪያ ከረጢት መሬት ላይ ዘረጋው። ከዚያ እጁን ሰጥቶ ሲያነሣው «ኤነይ» አለው። ጥሩሰው በጆሮዋ ሰማች። የመጨረሻዋን «ን» ቢውጣትም ቃሉ የእናቷ ቃል ነበር።

ከዚያ በኋላ ማን ያቁመው። ሊጉ ትንሽ ነው፤ ከዴንቨርና ከዙሪያዋ የተውጣጡ ስድስት ቡድኖች ናቸው። ቧንቧ ሠሪ፣ የሒሳብ አስተማሪ፣ መካኒክ፣ ነርስ፤ ማንም አይከፈለውም። የሜዳውን መስመር ራሳቸው ይቀባሉ። የሚያያቸው የየራሳቸው ሚስትና የየራሳቸው ውሻ ነው። እንዲያም ሆኖ ዳኛ ሲቀጣቸው ያ ሁሉ ግዙፍ ሰው «እሺ ጌታዬ» ብሎ ይመለሳል። እኔ የማውቃቸው የእድር ስብሰባዎች ይህን ጨዋነት አይተውት አያውቁም። በሦስተኛው ዓመት ላይ «ኤነይ» ስድስቱንም ቡድን አዳርሷል፤ ጥሎ ያላነሣ፣ አንሥቶም «ኤነይ» ያላለ ተጫዋች በገዛ ጓደኞቹ ይወቀሳል።

ደምሰውስ? ደምሰው አፍ አወጣ። እራት ላይ ስክረም የሚሉትን፣ ስምንት ሰው ተቃቅፎ ስምንት ሰው የሚገፋበትን ነገር፣ በጨው ዕቃና በሚጥሚጣ ብልቃጥ ያስረዳት ጀመር። ስልኩ ይጮሃል። «ብራያን ቤት እየቀየረ ነው፣ ላግዘው» ብሎ ይወጣል። የሱ ክፍል በር ሲዘጋ የኖረውን ያህል የቤቱ በር ይከፈት ጀመር። ጥሩሰውም ቅዳሜን ከሥራ አስፈቅዳ ለሠላሳ ሰው የሚበቃ ሳምቡሳ ይዛ ሜዳ መዋል ለመደች። ወደደቻቸው። ያስጸለየችውን ጸሎት ፈጽማ ረሳችው።

መቼም ደግ ነገር አይበረክትም። በ2015 የአንደኛው ቡድን ሜዳ ላይ ቤት ተሠራና ቡድኑ ፈረሰ። የሌላው ተጫዋቾች ኪራይ ሲንር ራቅ ወዳለ ከተማ ተበተኑ። አንዱ ልጅ ወለደ፣ አንዱ ጉልበቱ አልሆን አለው፣ ጎበዞቹን ትልልቅ ሊጎች ወሰዷቸው። በ2017 መከር ሁለት ቡድን ቀረ፤ አውሮራና ሊትልተን። አንድ የመጨረሻ ጨዋታ አድርገው ሊለያዩ ተስማሙ።

ያን ዕለት ሊትልተኖች የመጡት አሥራ ሦስት ሆነው ነው፤ አውሮራዎች አሥራ ሰባት ነበሩ። በሌላ ጨዋታ ቢሆን የጎደለበት ተሸነፈ ተብሎ ሁሉም ወደ ቤቱ ይገባ ነበር። እነዚህ ግን ሁለት ሰው አበደሯቸውና አሥራ አምስት ለአሥራ አምስት ገጠሙ። ከተበደሩት አንዱ ደምሰው ነበር።

«የነሱን ማልያ ለበሰ እኮ!» አለች ጥሩሰው።

«ዛሬ ለማን እንጩህ ታዲያ?» አሉ ጋሽ መሓሪ፣ ከልባቸው ተጨንቀው።

ደምሰው በስድስት ዓመት አንድም ነጥብ አስቆጥሮ አያውቅም፤ ሥራው መግፋት ነው። ጨዋታው ሊያልቅ ሲል ግን ብራያን ኳሷን ወደ ኋላ ሰጠው። ደምሰው ሰውን ከነጠላ ጫማው እንደሚነቅል ጎርፍ የገዛ ጓደኞቹን ሰንጥቆ ገባና ኳሷን ከመስመሩ ማዶ አሳረፋት። ያስቆጠረው በአውሮራ ላይ ነው። አውሮራዎች ደግሞ ሮጠው መጥተው ተሸከሙት። ጥሩሰው አለቀሰች፤ ጋሽ መሓሪም ነፋሱን እያማረሩ ዓይናቸውን ጠረጉ።

ከዚያ ክረምት ገባ፤ ደምሰውም ክፍሉ ገባ። ብራያን ለሥራ ሌላ ክፍለ ሀገር ሄዷል። ስልኩ አይጮህም። «ደህና ዋልሽ እትዬ»፣ እራት፣ በር። ጥሩሰው አንድ ምሽት የተዘጋውን በር እያየች ሳለ የዚያች የረቡዕ ጸሎት ትዝ አለቻትና ደርቃ ቀረች። ጌታ ጸሎቷን አልረሳም ኖሯል፤ የረሳችው እሷ ናት። «ኧረ ትቼዋለሁ» አለች ቀና ብላ። «ምነው ያኔ እንቢ ብትለኝ!»

ጥር ላይ ሃቫና ስትሪት ከሚገኝ የገበያ አዳራሽ ፊት መኪናዋን ፓርክ አድርጋ ስትወርድ በረዶው አንሸራተታትና በጎኗ ወደቀች። ሽንኩርት ተሸክሞ ሲያልፍ የነበረ፣ አፍንጫው የተጣመመ አንድ ፈርጣማ ፈረንጅ ሽንኩርቱን ጥሎ መጣ። ክንዷን ይዞ ቀስ አድርጎ አነሣትና «ኤነይ» አላት።

ጥሩሰው ሕመሟ ጠፋባት። «ምን አልከኝ?»

ሰውየው አፈረ። «ይቅርታ፣ ልማድ ሆኖብኝ ነው። ራግቢ እጫወታለሁ። ሰው ሲወድቅ የምንለው ነው።»

«ከየት የመጣ ቃል ነው?»

«እርግጠኛ አይደለሁም። የኒውዚላንድ ነው ይላሉ።»

እሷ የምታውቀው ሰው አልነበረም፤ በዚያ በሞተው ሊግ ተጫውቶም አያውቅም። ጥሩሰው የሚለማመዱበትን ሜዳና ቀኑን ጠየቀችው፤ አዲስ ሰው ይቀበሉ እንደሆነም ጠየቀችው። ይቀበላሉ።

እያነከሰች ቤቷ ገባች። ደምሰው እራቱን እየበላ ነበር።

«ምን ሆነሽ ነው እትዬ?»

«በረዶ ላይ ወደቅሁ።»

«እኔን!» አለ፣ ከወንበሩ ብድግ ብሎ።

«አዎ» አለች ጥሩሰው፤ «እንደሱ ነው የሚባለው። ዛሬ ያነሣኝ ራግቢ ተጫዋች ‹ን›ዋን ውጧታል። የኒውዚላንድ ነውም ይላሉ። የእናታችንን ቃል ነው እንዲህ የሚያደርጉት። ሐሙስ ልምምድ አላቸው፤ ሂድና አስተካክልላቸው።»

ደምሰው ወንበሩ ላይ ተመልሶ ተቀመጠ። «አንቺ ነሽ ሂድ የምትይኝ?»

«እኔ ነኝ።»

ክፍሉ ገባ፤ በሩን ግን አልዘጋውም። ቁም ሣጥኑን ሲያተራምስ ይሰማታል።

«እትዬ፣ የጥርስ መከላከያዬን የት አደረግሽው?»

«ከጫማህ ጋር» አለች፤ «ታጥቦ ተቀምጧል።»