አስራ ስምንት ብለሽ ጻፊ

«ይቺ ልጅ ከተቀመጠችበት አልነሳ አለች እኮ። ሐዘኑ ወገቧን ቆረጠው» ተባባሉ ለቅሶ ደራሾቹ፣ የፈላ የቡና ገለባ በቅል እየተቀባበሉ።

ወገቧስ ደህና ነበር። ፅጌረዳ ያልተነሳችው መዝገብ ላይ ስለተቀመጠች ነው። የአባቷ የብስክሌት ቡድን መዝገብ ከፍራሹ ሥር ሆኖ፣ ጠርዙ ሁለት ቀን ሙሉ ጭኗን ሲወጋት ውሏል። ሰው እንባዋን ሁሉ የአባቷ አድርጎ ቆጠረው፤ እሩቡ ግን የመዝገቡ ነበር።

የቀበሌው ሊቀመንበር ጓድ ንጉሤ ጎንበስ ብሎ ድንኳኑ ውስጥ ገባ። ቆቡን አወለቀና ከእናቷ ከአረጋሽ አጠገብ ቁጢጥ አለ።

«ያጽናሽ እህቴ። ጓድ ጎሳዬ የሁላችንም ሰው ነበር።» ድምፁን ዝቅ አደረገ። «የቡድኑ መዝገብ እዚህ ቤት ነው መሰለኝ።»

«እኔ ምን አውቄ፣ ጓድ ሊቀመንበር? የሱን ነገር እሱ ነው የሚያውቀው።»

«ሐዘንተኛ አላስቸግርም። ነገ ሦስተኛው ቀን አይደል? ድንኳኑ ሲነሳ እወስዳለሁ። ከጠፋ ግን የመንግሥት ንብረት ነውና ቢሮ መጥተሽ መልስ ትሰጫለሽ።»

ባለፈው ወር ለመልስ የተጠራ ጎረቤት ነበራቸው። እስካሁን መልስ እየሰጠ ነው።

ሊቀመንበሩ ሲወጣ ከቡድኑ ልጆች አንዱ ታደለ የእጅ ውሃ ይዞ መጣ። እያስታጠባት ወደ ጆሮዋ ጠጋ አለ።

«ፅጌ፣ አቃጥይው።»

«ካቃጠልኩት እማዬን ይወስዷታል።»

«ካላቃጠልሽው እኛን።»

ውሃው አለቀ፤ እሷ ግን እጇን እንደዘረጋች ነበረች።

ጎሳዬ በጉብዝናው አዲስ አበባ በክብ ሜዳ የሚወዳደር ብስክሌተኛ ነበር። ብስክሌቱ ፍሬን የለውም፤ እግር ካልቆመ ጎማ አይቆምም። «ፍሬን ያለው ሰው መች ያሸንፋል?» ይል ነበር። ወድቆ ጉልበቱ ሲሰበር ጊዜ የቡድን መሪ አድርገው ጂንካ ላኩት። ጂንካ ደግሞ ምን ክብ ሜዳ አለ? ከተማው መሃል ያለውን የአውሮፕላን ማረፊያ ሣር በአራት በርሜል ከበበና ክብ ሜዳ አደረገው። ሌላ ቀን ላሞቹን እያባረረ፣ አውሮፕላን የመጣ ለት ደግሞ እሱ ራሱ እየተባረረ፣ አራት ልጆች አሰለጠነ።

አምና አርባ ምንጭ ላይ ውድድር ተባለ። አስራ ስምንት ያልሞላው አይገባም። የጎሳዬ ጽሕፈት ዶሮ የጫረው ስለሚመስል፣ ከአምስተኛ ክፍል ያቋረጠችው ልጁ ነበረች ጸሐፊዋ።

«ታደለ ኤርጎ። አስራ ስምንት ብለሽ ጻፊ።»

«ታደለ? ኧረ አባዬ! እሱ እንኳን አስራ ስምንት ዓመት፣ አስራ ስምንት ኪሎም አይሞላም!»

«ለአንድ ውድድር ነው። ስንመለስ እናስተካክለዋለን።»

እየሳቀች ጻፈች። አራቱንም አስራ ስምንት አደረገቻቸውና «በል ፈርም» ብላ በቀኟ ለተቀመጠው አባቷ አቀበለች። ሁለተኛ ወጥተው ሲመለሱ ስማቸውና ዕድሜያቸው በድምፅ ማጉያ ተነበበ፤ ከተማው አጨበጨበ፤ መዝገቡን ያስታወሰ የለም። ዘንድሮ ግን የብሔራዊ ውትድርና ኮታ መጣ። ኮታው አልሞላ ያለው ሊቀመንበር ጭብጨባውን አስታወሰ። ልጆቹ እንዳይጠፉበት የቡድኑን ብስክሌቶች ቆለፈና መዝገቡን ጠየቀ።

በዚያን ቀን ጎሳዬ ምሳውን አልበላም። «የሰው ልጅ ለጦር ጻፍኩ» አለ፣ ለማንም ሳይሆን። የልደት ወረቀት ያለው ልጅ የለም፤ ዕድሜ የሚያውቅ ሽማግሌ ነው። ስለዚህ ማክሰኞ፣ በገበያው ቀን፣ ምስክር ሊያመጣ የታደለ ዘመዶች ወዳሉበት ወደ አልዱባ ተነሳ። የቀረችው ያቺ አሮጌ ፍሬን የለሽ ብስክሌት ብቻ ነበረች። ቁልቁለቱ ላይ ሰንሰለቷ ተበጠሰ። ሬሳውን ያገኙት ማሽላ ተሸክመው የሚወርዱ ገበያተኞች ናቸው።

በሦስተኛው ቀን ድንኳኑ ጢም አለ። ጓድ ንጉሤ ፊት ለፊት ተቀምጧል። ረፋድ ላይ የታደለ አጎት ቦሼ ከሁለት ሽማግሌዎች ጋር ከአልዱባ በእግሩ ደረሰ፤ ሊጠራው ሲመጣ የሞተውን ሰው ሊቀብር አስቦ፣ ቀብሩ አምልጦት።

የሕይወት ታሪክ የምታነበው ፅጌረዳ ነበረች። ወረቀቱን ጎረቤት ነው የጻፈው። «... ጎሳዬ ታታሪ፣ ሰው ወዳድ፣ ሐቀኛ ...» አለችና ንባቧን አቆመች።

ሁሉም ለቅሶ መሰላቸው። እሷ ግን ተነሳች፤ ከፍራሹ ሥር መዝገቡን መዥርጣ አወጣች።

«ወረቀቱ ሐቀኛ ይላል። እዚህ ላይ ግን አባቴ ዋሽቷል። የጻፍኩት ደግሞ እኔ ነኝ።»

«አፍሽን ያዢ!» እናቷ ቀሚሷን ጨምድዳ ሳበቻት። «አፈሩ ሳይደርቅ? በለቀስተኛ ፊት?»

ፅጌረዳ ቀሚሷን አስለቅቃ አነበበች። አራት ስም፣ አራት ጊዜ አስራ ስምንት። ጓድ ንጉሤ እጁን ዘረጋ።

«በቃ። ተጽፏል፣ ተፈርሟል። አምጪው።»

«ቆይ» አለ ቦሼ፣ ታደለን እየጠቆመ። «እኔ አማርኛ ብዙ አላውቅም። ይሄ ልጅ ግን አውቃለሁ። መሬት ለአራሹ ታወጀ ሲባል እኛ በሬ አረድን። እናቱ የዚያን ቀን ወለደችው፤ ጉበቱን ለሷ ሰጠን። ሌሎቹም እኩዮቹ ናቸው፤ እናቶቻቸው እነዚህ ናቸው፣ ጠይቅ። አንተ ጓድ፣ አዋጁ ስንት ዓመቱ ነው?»

ሊቀመንበሩ ራሱ የዛሬ ሦስት ወር፣ በየካቲት፣ አደባባይ ቆሞ «አስራ አራተኛ ዓመት!» እያለ ሲጮህ ከተማው በሙሉ ሰምቶታል።

«አስራ አራት» አለች ከሴቶቹ አንዷ። «አስራ አራት» አለ ሌላ። ሳቅ የመሰለ ነገር ተነስቶ፣ የሊቀመንበሩን ፊት አይቶ ተመለሰ።

ጓድ ንጉሤ ቆቡን አጠለቀ። «አስተካክዪው። ሽማግሌዎቹ አሻራ ያድርጉበት» አለ በጥርሱ መሃል። «ልጅ ግን ያድጋል። ኮታም በየዓመቱ ይመጣል።»

እናቷ አላየቻትም። ባሏን ሁለተኛ የቀበረችባት ይመስል ፊቷን በነጠላዋ ሸፈነች።

ፅጌረዳ እስክሪብቶ ተቀብላ ፍራሹ ላይ ተቀመጠች። አራቱን አስራ ስምንት በአንድ በአንድ ሰረዘችና ከጎናቸው አስራ አራት ጻፈች። ቦሼና ጓደኞቹ አውራ ጣታቸውን አተሙ። የመጨረሻው መስመር ላይ ስትደርስ መዝገቡን ወደ ቀኟ አዞረችው። ቀና ሳትል እስክሪብቶውንም አቀበለች።

«በል ፈርም።»

በቀኟ በኩል ባዶ ፍራሽ ነበር። እጇ እንደተዘረጋ ቀረ።

አረጋሽ ነጠላዋን ከፊቷ ገለጠች። እስክሪብቶውን ከልጇ ጣቶች መሃል ቀስ ብላ ተቀበለችና፣ ከመሬት ክዳኑን ፈልጋ፣ ገጠመችው።