ክዳን የማይወድ ጥብስ

ሊቀመንበሩ የትራንስፖርት ማኅበሩን ለሌላ ሰው ካስረከቡ ቆይተዋል፤ የምሳ ጠረጴዛውን ግን አላስረከቡም። ሊቀመንበር የሚለውን ስም ያወጣላቸው ሰፈሩ ነው፣ ለማሾፍ ብሎ። እሳቸው ግን ወደውት ቀሩ። በቤታቸው ምሳ የሚበላው እሳቸው ከጠረጴዛው ራስ ብድግ ብለው ጥቂት ቃል ከተናገሩ በኋላ ነው። ጥቂት ማለት እንግዲህ በሳቸው አቆጣጠር ነው። ከሚያንጠባጥበው ቧንቧ ይጀምራሉ፣ መብራት ስለማጥፋት ያሳስባሉ፣ ማኅበሩን ከመፍረስ እንዴት እንዳዳኑት ያስታውሳሉ። ከዚያ ቁጭ ብለው አንዴ ይቀምሱና አንገታቸውን ሲነቀንቁ ሌላው እጁን ይሰነዝራል። የሳቸው አፍ ሳይቀምስ የማንም አፍ አይቀምስም። ምግቡን የሠራችው ሴት ደግሞ ከሁሉም በኋላ፣ ኩሽና ውስጥ ቆማ፣ የተረፈውን ትበላለች።

ይህቺ ሴት ምራታቸው ናት። ጠባሿ እንበላት፣ እንጀራዋም እሱ ነውና። አንድ ትልቅ ሆቴል ውስጥ ቀኑን ሙሉ ከፈላ ዘይት ጋር ስትታገል ትውላለች። ጣሊያኖች ፍሪቶ ሚስቶ የሚሉትን፣ ካላማሪ የሚባለውን የባሕር እንስሳ፣ ሽሪምፑን፣ ትንንሹን ዓሣ፣ ዝኩኒውንና ደበርጃኑን በስስ ሊጥ ነክረው የሚጠብሱትን ምግብ እሷ ስትሠራው ሰው ወረፋ ይዞ ይበላል። በሆቴሉ ኩሽና አንድ የማይሻር ደንብ አለ፦ ከዘይቱ የወጣችውን የመጀመሪያዋን ቁራጭ የሚበላት የጠበሳት ሰው ነው። ሥራ አስኪያጁ በር ላይ ቢቆም እንኳ መጀመሪያ የጠባሿ አፍ ነው። ዘይቱ መድረሱን፣ ሊጡ መያዙን፣ ጨው ማነሱን አለማነሱን በሌላ በምን ይታወቃል?

እዚህ ቤት ግን ደንቡ ሌላ ነው። ባለፈው ሊቀመንበሩ "እስቲ ያንን የሆቴል ጥብስሽን እኛም እንየው" ብለው ዘመድ ሰበሰቡ። እሷም እንደታዘዘችው አንድ ሳትቀምስ ሁሉንም ጠበሰች፤ ትልቁ ሳህን ላይ ከመረች፤ እንዳይበርድ ክዳን ደፋችበትና አቀረበች። ያን ቀን ዘመድ በመብዛቱ ንግግሩም ረዘመ። ክዳኑ ሲነሳ ጥብሱ በገዛ እንፋሎቱ ወርዝቶ፣ ሊጡ ከካላማሪው ላይ እንደ እርጥብ ካልሲ ተንሸራቶ ተገኘ። ሊቀመንበሩ አንዱን በሹካ አንስተው ለሁሉም አሳዩ። "ሆቴሉ የሚቀጥርሽ ለዚህ ነው?" አሉ። ዘመድ ሳቀ። ባሏ ሳህኑን ትኩር ብሎ አየ። እሷም ክዳኑን ይዛ ወደ ኩሽና ተመለሰች።

ዛሬ የቤቱ ሴት ልጅ፣ ያን ቀን ከዘመዱ ጋር የሳቀችው ዋርሳዋ፣ ወላጆቿን ልትጠይቅ መጥታለች። ሊቀመንበሩ ገና ከቁርስ ሳይነሱ "ያንን እርጥብ ጥብስሽን ድገሚልንማ፤ ተምረሽ እንደሆነ እንይ" አሏት።

"እሺ አባባ" አለች።

እሺታዋ እንዲያ ፈጥኖ ሲመጣ መጠርጠር ነበረባቸው።

ምሳ ሊደርስ ሲል ኩሽና ገብታ ካላማሪውን በንጹሕ ጨርቅ አንድ በአንድ ማድረቅ ጀመረች፤ ውሃ የያዘ ነገር ዘይት ውስጥ ሲገባ እየተንጣጣ ፊት ያቃጥላል። ሊጡን እንደ በረዶ በቀዘቀዘ ጋዝ ባለው ውሃ በጠበጠችው፣ ብዙም አላሸችውም፣ ትንሽ ቢጓጉል ግድ የላትም። ባሏ ሎሚ እየቆረጠ ነበር።

"ዛሬ ክዳን የለም" አለችው። "ጥብሱ ከዚህ ክፍል አይወጣም። መብላት የፈለገ እዚህ መጥቶ፣ ከዘይቱ ሲወጣ ተቀብሎ ይበላል። የመጀመሪያዋን የምበላው ደግሞ እኔ ነኝ።"

ቢላዋው ቆመ። "አባቴስ?"

"እግር አላቸው።"

"ኧረ ተይ፣ እህቴ ባለችበት! ለዛሬ ብቻ እንኳ…"

"አንተ ለዛሬ ብቻ እያልክ እኔ ከተጋባን ጀምሮ እዚህ ቤት ትኩስ ነገር በልቼ አላውቅም። ስንቱን ሰው ትኩስ እያበላሁ እውላለሁ፣ ለራሴ ግን ቤት ስገባ ፍርፋሪ። በቃኝ። ከፈለግህ ሳህን ያዝልኝ፣ ካልፈለግህ ከመንገዴ ዞር በል።"

ባሏ በሩን አየ፣ እሷን አየ። ደግ ሰው ነው፤ ችግሩ ደግነቱ ሁልጊዜ መጨረሻ ከተናገረው ሰው ጋር መሄዱ ነው። አሁን መጨረሻ የተናገረችው እሷ ናትና ሳህን አነሳ።

ከሊጡ ጠብታ ዘይቱ ላይ ጣል አደረገች። ጠብታዋ ሰመጥ ብላ ወዲያው እየተንጫጫች ተንሳፈፈች፤ ዘይቱ ደርሷል። ካላማሪውን እየነከረች ለቀቀች። ይሄኔ ከሳሎን "እንግዲህ…" የሚል ድምፅ መጣ። ንግግሩ ተጀመረ።

ጠባሿ ወርቅማ የሆነውን በባለ ቀዳዳ ጭልፋ አጥልላ አወጣች፣ ጨው ነሰነሰች፣ አንዷን የካላማሪ ቀለበት በጣቷ አንስታ አፏ ውስጥ ከተተቻት። ቅርፊቱ ጥርሷ ሥር ተሰበረ። ምላሷ ተቃጠለ። ዕንባዋ መጣ። ከትኩሱ ነው ብትል ማንም ያምናት ነበር፤ እሷ ግን ከደስታ መሆኑን ታውቃለች። ደስታው ንዴትም ነበረበት፤ ይቺን ለምታህል ነገር ይሄን ሁሉ ዘመን!

"ሳህኑ የታለ?" አሉ ሊቀመንበሩ ንግግራቸውን አቋርጠው ከሳሎን።

"አባባ፣ ጥብሱ የሚበላው እዚህ ነው! ሳይበርድ ይምጡ!"

ከዚያ ዋርሳዋ እጇን ወገቧ ላይ አድርጋ በሩ ላይ ተገተረች።

"አባዬን ኩሽና ድረስ ልታስመጪ? ዓይንሽን በጨው አጥበሻል!"

"አዎ፣ አጥቤያለሁ። እንኪ፣ ዝኩኒ ቅመሺ።"

ዋርሳዋ ለመተቸት ያህል ነከሰችው። የምትተቸውን ስትፈልግ አለቀ። ሁለተኛውን አነሳች። ድንገት አባቷ ትዝ አሏትና ሳህን ላይ መደርደር ጀመረች።

"ውሰጂላቸው፣ አልከለክልሽም" አለች ጠባሿ። "ግን ንግግሩ ገና ቧንቧው ላይ ነው። እስኪያልቅ ምን እንደሚሆን ባለፈው አይተሻል።"

ዋርሳዋ ሳህኑን አየች፣ ኮሪደሩን አየች። ከሳህኑ ላይ አንድ ሽሪምፕ አንስታ በላች፣ ቀጥሎም ሌላ። ሳህኑ ከኩሽናው ሳይወጣ ባዶ ሆነ።

ቀጥሎ የሊቀመንበሩ ሚስት፣ የጠባሿ አማት፣ መጡ። ሊቀመንበሩ ሲቆጡ መልእክተኛቸው ሁልጊዜ እኚህ ሴት ናቸው፤ ቁጣውን ይዘው ይሄዳሉ፣ ይቅርታ ይዘው ይመለሳሉ።

"ልጄ፣ ተይ" አሉ በሹክሹክታ። "እሳቸው ደማቸው ፈልቷል። ትንሽ አድርጊልኝና ልውሰድላቸው።"

"እማማ፣ መጀመሪያ ይቺን ይቅመሱ።"

"እሳቸው ሳይቀምሱ?"

"እሳቸው ሳይቀምሱ።"

አሮጊቷ ወደ በሩ ዞር ብለው አዩ። ሽሪምፑን በጭራው ይዘው እፍ እፍ አሉበትና ነከሱ። ሲያኝኩ ዘይቱ ይንጫጫ ነበር።

"ዕድሜዬን ሙሉ ለሰው ሠራሁ" አሉ ቀስ ብለው። "ከእሳት እንደወረደ ግን አንድ ቀን በልቼ አላውቅም። አንድ ቀን!" ያልተለመደ ቁጣ ፊታቸው ላይ ወጣ። በርጩማዋን በእግራቸው ስበው ከምድጃው ፊት ለፊት ተቀመጡ፤ እጃቸውንም ዘረጉ። ጠባሿ ደበርጃን ሰጠቻቸው፣ ከዚያ ካላማሪ።

"አንቺ! የት ቀረሽ?" ሊቀመንበሩ ጮኹ።

ኩሽናው ውስጥ ሁሉም ባለበት ደረቀ። ባሏ ሳህኑን እንደያዘ፣ ዋርሳዋ አፏን እንደሞላች ቀሩ። ይህ ጥሪ በዚህ ቤት ሁለቴ ተጠርቶ አያውቅም፤ አሮጊቷ ከየትም ይሁኑ ከየት "አቤት" ብለው ይሮጣሉ። አሁንም ከልማድ የተነሳ ከበርጩማዋ ከፍ ብለው ነበር። ጠባሿ ጭልፋዋን እንደያዘች ዓይን ዓይናቸውን አየቻቸው።

አሮጊቷ ተመልሰው ተቀመጡ። አፋቸው ውስጥ ያለውን ረጋ ብለው አላመጡና ዋጡ።

"እየበላሁ ነው!" አሉ። እንዲህ ያለ ድምፅ እንዳላቸው የወለዷቸው ልጆች እንኳ አያውቁም ነበር።

አሮጊቷም መልስ ሳይጠብቁ፣ ሊጡ ውስጥ ወደተነከረው ካላማሪ በጣታቸው ጠቆሙ።

"ያቺን ወፈር ያለችውን ጣይልኝ" አሉ ለምራታቸው።