የአድሚራሉ ኒሻኖች

የእኛ የፈረንሳዮቹ አድሚራል በጦርነቱ ከጀርመኖች ጋር ሲሞዳሞድ ከርሞ፣ አሜሪካኖች አልጀርስ ሲገቡ ወደ እነሱ ዞረ። ወዲያም ሆነ ወዲህ ከጎኑ የማይጠፋው መኮንን ኬርሌዎ ነበር። እኔም መኮንን ነኝ፤ ቅናት አንጀቴን ይበላኝ ነበር።

በገና ዋዜማ አንድ ወጣት አድሚራሉን ቢሮው በር ላይ በጥይት ገደለው። ለቀብሩ ኒሻኖቹን በትራስ ላይ ይዞ ሬሳውን የሚያጅብ መኮንን ይመረጣል። «ያው ኬርሌዎ ነዋ!» ብዬ ስንገበገብ እሱ ራሱ መጣ።

«ወንድሜ፣ ትራሱን አንተ ያዝ። ለአንተ ነው የሚገባው።»

ደረቴን ነፍቼ ያዝኩ።

በማግስቱ ፎቶዬ ጋዜጣ ላይ ወጣ። ባለቤቴ ሶላንዥ ትኩር ብላ አየችው።

«ኬርሌዎ የታለ?»

«ያውልሽ፣ ከአሜሪካኖቹ ጋር ቆሞ።»

«አንተ ቂል! እንግዲህ የከሃዲው አድሚራል ሰው አንተ ሆንክ።»

ይኼ ውሻ! በዚህም ቀደመኝ።