የዳይሬክተሩ ጫማ

"እና ገዳዩ ማነው?" አለ ሙሉነህ፣ በእጁ የያዘውን ንፍሮ ረስቶ።

የዳይሬክተሩ የሃሩኦ ልቅሶ ቤት ነው። ሟች ዕድሜውን ሙሉ ለጃፓን ቴሌቪዥን የወንጀል ድራማ ሲሠራ ኖሯል። ቶሮንቶ፣ ኢስት ዮርክ የተሰበሰበው ለቀስተኛ "እስቲ አንዱን እንየው" ብሎ ከፍቶ ይኸው አፍጥጧል። ሚስቱ ጸዮን ጥቁር ለብሳ መሃል ተቀምጣ ትተረጉማለች። ከቀብሩ ወዲህ ከዓይኗ ጠብ ያለ እንባ የለም፤ ሰውም ይንሾካሾካል።

"ጫማውን እዩ" አለች። "የእሱ መርማሪ ሁሌ በጫማ ነው የሚይዛቸው። በእነሱ አገር እንግዳ ጫማውን አውልቆ አፍንጫውን ወደ በር ያዞረዋል። ገዳይ ግን ስለሚጣደፍ ይረሳል።"

ሙሉነህ ኮሪደሩ ላይ የተከመረውን ቦት ጫማ አየ። "ወይ ጉድ! እንግዲያው ፖሊስ ኮል አድርጉ፤ አንድ ንጹሕ ሰው የለንም!"

ሳቁ ቤቱን ሞላው። ልቅሶ ቤት እንዲህ አይሳቅም የሚል ቢኖር ሃሩኦን የማያውቅ ነው። መብራት ተሸካሚ ሆኖ ጀምሮ ዳይሬክተር እስኪባል ሸብቷል፤ አለቆቹ ተኩስ ጨምር ሲሉት ካሜራውን ደጃፍ ላይ ተክሎ ጫማ የሚቀርጽ ግትር ነበር።

ያልሳቁት የጸዮን አክስት እትዬ ጸሐይወርቅ ብቻ ናቸው። ሃሩኦ ቶሮንቶ ፊልም ሊቀርጽ መጥቶ፣ ለቀረጻው ሠራተኞች ምግብ ታቀርብ ከነበረችው ጸዮን ጋር ተዋደደ። ለፋሲካ ሴንት ጄምስ ታውን፣ እሳቸው ቤት የሄደ ዕለት ግን ነገር ተበላሸ። ምሳ ሳይቀርብ ተነሥቶ የእንግዳውን ሁሉ ጫማ ወደ በር አዞረዋ! "በገዛ ቤቴ እንግዶቼን ውጡ ይላል!" ብለው አኮረፉ። ጸዮን ልታስረዳ ስትደውል ስልኩን ይዘጉታል። እሱም "አክስትሽስ ዛሬ ታረቁን?" እያለ እንደጠየቀ ሞተ። ጸዮንን የሚያንገበግባት ይኼ ነው።

"ታዲያ" አሉ እትዬ ጸሐይወርቅ ቀስ ብለው፣ "ወደ በር የሚያዞረው ለምንድነው?"

"እንግዳው ሲወጣ እንዳይቸገር ነው፣ እትዬ። ክብር ነው።"

ለቀስተኛው ሊሄድ ሲነሣ እትዬ ጸሐይወርቅ ቀድመው ኮሪደሩ ጋ ደረሱ፤ ጉልበታቸውን ይዘው አጎነበሱና ቦቱን አንድ በአንድ ማዞር ጀመሩ።

"ኧረ እኔ ላዙረው!" ቢላቸው ሙሉነህን ገላመጡት።

ጥግ ላይ፣ ጸዮን ከሆስፒታል ይዛ ተመልሳ እንደ ነገሩ የጣለችው ጥቁር የወንድ ጫማ ቀረ።

"የእሱ ነው?"

ጸዮን በአዎንታ ራሷን ነቀነቀች።

እትዬ ጸሐይወርቅ አቧራውን በነጠላቸው ጠርዝ ጠረጉት። "ሲወጣ እንዳይቸገር" አሉና አፍንጫውን ወደ በር አዞሩት።

ያኔ ጸዮን አለቀሰች።